የጮቄ እንግዳ ሒሳቡን ለማን ይክፈል?

ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ በሲናን ወረዳ፣ በሮብ ገበያ በኩል ወደ ጮቄ የሚወጣ እግረኛ መሽቶበት አንድ ደጃፍ ላይ ቢቆም መልሱ የታወቀ ነው። «ቤት ለእንግዳ!» ይባላል። ውሻው ይገሠጻል፣ መደቡ ላይ ቁርበት ይነጠፋል፣ እግሩ ይታጠባል፣ ቤት ያፈራው ይቀርባል፣ «በሞቴ» እየተባለ ይጎርሳል። በማግሥቱ እንግዳው «እግዜር ይስጥልኝ» ብሎ፣ ከጅብራው ሥር ፎቶ ተነሥቶ ይወርዳል። ማታውኑ ስለ ጎጃም ደግነት ፌስቡክ ላይ ይጽፋል። ብዙ ላይክ ያገኛል።

የዚያ ሌሊት ሒሳብ ግን ተከፍሏል። ውሃውን ከምንጭ የተሸከመችው የቤቱ ልጅ ከፍላለች። ለራት የወጣው ድንች ለዘር የተቀመጠ ሊሆን ይችላል። ጋቢው ከልጆቹ ላይ ተገፎ ለእንግዳው ተደርቧል፤ የጮቄን ብርድ የሚያውቅ ያ ምን ማለት እንደሆነ ያውቃል። ማገዶውም እዚያ ከፍታ ላይ በቀላሉ አይገኝም። «በትንሽ ብር ጎጃምን በእግር አየሁ» የሚል ሰው እውነቱን ነው፤ ጉዞው ለእሱ ርካሽ ነው። ቀሪውን የሸፈነችው ባለቤቲቱ ናት።

ስለ ጮቄ ቱሪዝም በየስብሰባው ብዙ ይወራል። ይህች ሴት ግን ከወሬው ውስጥ የለችም።

በኅዳር 2014 ዓ.ም. የዓለም ቱሪዝም ድርጅት ማድሪድ ላይ ከ32 አገሮች 44 መንደሮችን «ምርጥ የቱሪዝም መንደር» ብሎ ሲሰይም ከኢትዮጵያ ሁለት ገቡ፤ ወንጪ እና የጮቄ ተራሮች ኢኮ መንደር። (ዜናው የተሰማው የሰሜኑ ጦርነት ሸዋ በደረሰበት ሰሞን ነበር። ማን ልብ ብሎ ይስማው?) መሰየሙ ጥሩ ነው፤ የሚከፋበት የለም። ነገር ግን የምስክር ወረቀት ቢሮ ግድግዳ ላይ ይሰቀላል፤ እንግዳ የሚያድረው ደግሞ ሰው ቤት ነው። በሁለቱ መካከል ያለውን መንገድ የሠራ የለም።

መንገዱ ያልተሠራው ገንዘብ ስለጠፋ ነው የሚል ካለ ይሳሳታል። ባለፉት ዓመታት ለቱሪዝም የወጣው ገንዘብ ትንሽ አይደለም። ጎርጎራ፣ ወንጪ፣ ኮይሻ በገበታ ለሀገር ለምተዋል። ችግሩ ያለው «እንግዳ» ሲባል በባለሥልጣኑ ዐይን ውስጥ በሚመጣው ምስል ላይ ነው። ምስሉ በአውሮፕላን መጥቶ፣ በላንድክሩዘር ተጉዞ፣ ሙቅ ሻወር ያለው ክፍል ውስጥ የሚያድር ባለ ኪስ ሰው ነው። ቦርሳውን አዝሎ፣ ቆሎ እየቆረጠመ የሚመጣው ወጣት «ምን ያተርፈናል?» ተብሎ በንቀት ይታያል።

ታዲያ ሒሳቡ በእርጋታ ይሰላ። ባለ ኪሱ እንግዳ ለአንድ ሌሊት የሚከፍለው ብዙ ነው፤ ይህ አይካድም። ግን ወይኑ ከውጭ ነው፣ ፍራሹና የሻወሩ ዕቃ ከአዲስ አበባ ነው፣ ሥራ አስኪያጁም ከዚያው ነው። ለመንደሩ የሚደርሰው የጥበቃና የጽዳት ደመወዝ ነው። ቦርሳ ያዘለው ግን ከመንደሩ ውጭ የሚገዛው ነገር የለውም። እንቁላሉን ከጎረቤት፣ ጠላውን ከዚያው ቤት፣ አህያውን ከባለ አህያው፣ መንገዱን ከሚያውቀው ልጅ ይገዛል። ስለዚህ ጥያቄው እንግዳው ምን ያህል ያወጣል ብቻ አይደለም፤ ካወጣው ውስጥ ስንቱ ተራራው ላይ ያድራል የሚለው ነው። ለጮቄ ዓይነት ቦታ በዚህ ሚዛን የሚሻለው ርካሹ እንግዳ ነው። ያውም በትክክል ከከፈለ።

ነገር ግን ርካሹም እንግዳ በትክክል እየከፈለ አይደለም። ነቀፌታው ለቢሮ ሰዎች ብቻ ከተተወ አድልዎ ይሆናል። በአዲስ አበባ የሀይኪንግ ጉዞ የሚያዘጋጁ ወጣቶች በዝተዋል፤ ቅዳሜና እሑድ አውቶቡስ ሞልተው ይወጣሉ። እሰየው! የገዛ አገሩን በእግሩ የሚያውቅ ትውልድ መፈጠሩ ደስ ይላል። ግን የብዙዎቹን ማስታወቂያ ማንበብ ነው፦ ትራንስፖርት፣ ቁርስ፣ ምሳ፣ የታሸገ ውሃ፣ ስናክ፣ ፎቶግራፈር፣ አስጎብኚ። ሁሉም ተካቷል፤ ሁሉም ከከተማ ተጭኗል። መንደሩ የቀረለት ባዶ ፕላስቲኩ ነው። ልጆች መኪና ሲያዩ «ሃይላንድ! ሃይላንድ!» እያሉ ለምን እንደሚሮጡ መመራመር አያስፈልግም። ሌላ የሚሸጡት ወይም የሚጠየቁት ነገር ስላልተተወላቸው ነው።

አንድ አውቶቡስ 40 ሰው ይዞ ወጣ ይባል። እያንዳንዱ ለራት፣ ለማደሪያና ለቁርስ 500 ብር ለመንደሩ ቢከፍል 20,000 ብር ነው። አሥር ቤት አራት አራት ሰው ቢያሳድር ለአንድ ቤት 2,000 ብር ይደርሳል። ተመኑ ምሳሌ ነው፤ ከፍ ሊል ይገባው ይሆናል። ለከተሜው አንድ ምሽት ወጥቶ የሚያጠፋው ነው፤ የማዳበሪያ ዕዳ ላለበት ገበሬ ግን ሌላ ነገር ነው።

እዚህ ላይ ሁሌም የሚነሣ ተቃውሞ አለ። «እንግዳ ተቀባይነታችን አይሸጥም። ገንዘብ ከገባ ባህላችን ይበላሻል» ይባላል። የሚገርመው ይህን የሚለው አብዛኛውን ጊዜ አስተናጋጁ ሳይሆን ተስተናጋጁ መሆኑ ነው። ተቃውሞው ግን ክብደት አለውና መልስ ይገባዋል።

ጎጃም እግረኛ ማሳደር የጀመረው ቱሪስት ሲመጣ አይደለም። ከደብረ ማርቆስ በስተደቡብ የባሶ ገበያ፣ የዛሬዋ የጁቤ፣ በ19ኛው መቶ ዘመን ከአባይ ማዶ የሚመጣ ሲራራ ነጋዴ የሚገናኝበት ቦታ ነበር። ነጋዴው በየመንደሩ እያደረ ነው የተጓዘው። የቆሎ ተማሪውም እንዲሁ፤ ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ ቅኔ ፍለጋ ከደብር ደብር ሲዞር «በእንተ ስማ ለማርያም» ብሎ ያልቆመበት ደጅ የለም። እነዚህን ያሳደረችው እናት ግን ኪሳራ ላይ አልነበረችም። የእሷም ልጅ ዲማ ወይም ዋሸራ ሄዶ የሌላ እናት ደጅ ላይ ቆሟል። ባሏም ነገ ገበያ ወጥቶ ሲመሽበት ሌላ ሰው ቤት ያድራል። ዛሬ የሰጠችው ነገ በሌላ መንገድ ይመለስላታል። መስተንግዶው እንደ ዕቁብ ዙር ነበረው፤ ሁሉም ጣይ፣ ሁሉም ተራው ሲደርስ ተቀባይ።

ከቦሌ ወይም ከበርሊን የመጣው እግረኛ ግን ከዚህ ዕቁብ ውስጥ የለበትም። የጮቄዋ እናት አዲስ አበባ መጥታ መሽቶባት የኮንዶሚኒየም በር ብታንኳኳ ማን «ቤት ለእንግዳ» ይላታል? ዘበኛው ከግቢው በር ይመልሳታል። እንግዲህ ዙሩ የተቋረጠው በእኛ በከተሜዎቹ በኩል ነው። የማይመለስ መስተንግዶ እየበሉ «ባህል ነው» ማለት ዕቁብ ሳይጥሉ ዕጣ መውሰድ ነው። ገንዘቡ ባህሉን አያፈርስም፤ የጎደለውን ዙር ይሞላል። ለመንገደኛ ዘመድ፣ ለተማሪ፣ ለመነኩሴ ቤቱ እንደ ድሮው ክፍት ይሁን። ፎቶ ሊያነሣ የመጣው ይክፈል።

ይህ ምኞት ነው የሚባል ከሆነ ወሎ ሩቅ አይደለም። በላሊበላ ዙሪያ፣ በመቄት ወረዳ፣ እ.ኤ.አ. በ2003 መቋት ማርያም ላይ የተጀመረው የተስፋ የመንደር ጉዞ ይህንኑ ሠርቶ አሳይቷል። በአካባቢው አሠራር ጎጆዎች ተሠሩ። ጎጆዎቹ የማኅበረሰቡ ናቸው፤ የሚያስተዳድራቸውም ከመንደሩ የተመረጠ ኮሚቴ ነው። እንግዳው ከመንደር መንደር በእግሩ ይሄዳል፣ ጓዙን አህያ ይሸከማል፣ መንገዱን የአገሩ ልጅ ይመራል፣ ራቱን የመንደሩ ሰው ያበስላል። ሻወር የለም፣ ዋይፋይ የለም። እንግዳው ግን መጣ፤ አሠራሩም ከመቄት አልፎ ወደ ሌሎች ተራሮች ተስፋፋ። ያንን ለማስጀመር ሪዞርት አላስፈለገም።

ከመቄት የሚወሰደው ትልቁ ትምህርት ደግሞ ብዙ ሰው የማያስተውለው ነው፦ እንግዳው ግለሰብ ቤት አላደረም። ይህ በአጋጣሚ የሆነ አይመስልም። «ሆምስቴይ» የሚለው ቃል ሲሰማ ያምራል፤ መንደር ውስጥ ሲገባ ግን የመጀመሪያው ጥያቄ «ማን ቤት?» የሚል ነው። መልሱም ይታወቃል። ቆርቆሮ ያለው፣ ሽንት ቤት ያለው፣ የሊቀመንበሩ ዘመድ። ቁንጫና ጭስ ያለበት የድሃ ቤት አይመረጥም፤ እንግዳውም ቢሆን ቁንጫውን አይወድም፤ ይህን መሸፋፈን አይጠቅምም። በሁለት ዓመት ውስጥ አንድ ቤት ሆቴል ይሆናል፣ ጎረቤቱ ይቀየማል፣ ቂም ይገባል። ጎጃም ውስጥ ቂም ቀላል ነገር አይደለም።

ስለዚህ ወይ እንደ መቄት የጋራ ጎጆ፣ ወይ በተራ የሚያሳድሩ ቤቶች፤ ሦስተኛ መንገድ ለጮቄ አይበጅም። ተራ መጠበቅን ለጎጃም ገበሬ ማንም አያስተምረውም። ጽዋ ማኅበሩን በወር ተራ ያወጣል፣ ደቦውን በተራ ይወጣል፣ ዕድሩ ዳኛና መዝገብ አለው። የጠፋው አሠራር አይደለም፤ ይህን የገበሬ አሠራር እንደ ተቋም ቆጥሮ የእንግዳ ገንዘብ የሚያስረክበው አካል ነው። ጽሕፈት ቤቱ አዲስ ማኅበር፣ አዲስ ማኅተም፣ አዲስ ሊቀመንበር ይፈልጋል። ከዚያ ማኅተሙ ይቀራል፣ ማኅበሩ ይጠፋል።

አንድ ተጨማሪ ነገር፤ እሱም ከሁሉ የሚበልጠው ነው። ብሩ በማን እጅ ይግባ? እንጀራውን የምትጋግረው፣ ውሃውን የምትቀዳው፣ እንግዳው ተኝቶ እሷ ምድጃ ሥር የምታድረው ሴት ናት። አባወራው እንግዳውን እያጫወተ ጠላ ይጠጣል፤ ጠዋት ሒሳቡን ይቀበላል። ይህ ዓይነት ቱሪዝም ለሴቲቱ ሥራ ጨመረላት እንጂ ገቢ አልጨመረላትም። በኔፓል ተራሮች ውስጥ፣ በካሊ ጋንዳኪ ሸለቆ፣ የታካሊ ሴቶች የጨው ነጋዴ ሲያሳድሩ ኖረው ኋላ ያንኑ ቤት ለተራራ ተጓዥ ከፍተውታል። የቤቱ ስምም ገንዘቡም የእነሱ ነበር። ሲራራ ነጋዴ ያሳደረችው የጎጃም ሴት ከእነሱ በምን ታንሳለች?

ሌላው የአገራችን መንገድ ሰሜን ተራሮች ላይ ታይቷል። ፓርኩ እ.ኤ.አ. በ1996 አደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች መዝገብ ገባ፤ በ2017 ሲወጣ የጊጭ መንደር ነዋሪዎች ተነሥተው ደባርቅ ሰፍረው ነበር። ለዋልያው ተገቢ ነበር የሚል ይኖራል፤ ይከራከር። ጮቄ ላይ ግን ይህ አይታሰብም። እዚያ ገበሬው ገብሱን እስከ ጓሳው ጠርዝ ድረስ ያርሳል፤ ሰው የሌለበት ጮቄ የለም። ይህ ሰው ደግሞ ለዓመታት አንድ ነገር ሲነገረው ኖሯል፦ ተዳፋቱን አትረስ፣ ከብትህን አትልቀቅ፣ አስታውን አትቁረጥ፣ ከዚህ የሚነሣው ውሃ አባይ ይገባል፣ አፈሩ ግድቡን ይሞላል። እውነት ነው። ሕዳሴው ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመርቋል፤ አገር ደስ ብሎታል። ተራራውን ላለማረስ ለተስማማው ገበሬ ግን በምትኩ ምን ተሰጠው? በእግሩ የሚመጣ እንግዳ ሙሉ ምትክ አይሆንም። ቢያንስ ግን ጅብራውና አስታው ቆመው እያሉ የሚያበሉበት አንዱ መንገድ እሱ ነው።

አሁን «በዚህ ጊዜ?» የሚል ይመጣል። ተገቢ ጥያቄ ነው። ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. ወዲህ ክልሉ በመንግሥት ኃይሎችና በፋኖ መካከል በሚካሄድ ውጊያ ውስጥ ነው። መንገድ ይዘጋል፣ ሰው ይሞታል፣ ልጆች ከትምህርት ቤት ቀርተዋል። ዛሬ ወደ ጮቄ ውጡ ብሎ የሚቀሰቅስ አስጎብኚ ቢኖር ኃላፊነት የጎደለው ነው። እንግዳም የለም።

ግን እንግዳ የሌለበት ጊዜ የእንግዳን ሕግ ለመጻፍ ይመቻል። ሰላም የወረደ ዕለት መጀመሪያ የሚደርሱት ሁለት ናቸው፤ የሎጅ ቦታ የሚመራ ባለሀብትና አውቶቡስ የሞላ የከተማ ጉዞ አዘጋጅ። ሁለቱም መንደሩ ሳይዘጋጅ ካገኙት ዋጋውን እነሱ ይቆርጣሉ። ኔፓል እ.ኤ.አ. ከ1996 እስከ 2006 በእርስ በርስ ጦርነት ውስጥ ነበረች፤ ጦርነቱ ሲያበቃ ተጓዡ የተመለሰው ባለቤታቸው ወደሚታወቅ የመንደር ቤቶች ነው። ጮቄ ላይ የሚመለሰው ወዴት ነው?

ለዚህ የሚያስፈልገው ወረቀት አንድ ገጽ ነው፤ የሲናን ወይም የቢቡኝ አንድ የዕድር ዳኛ በአንድ እሑድ ከሰዓት ሊያስጽፈው ይችላል። መደብ ለአንድ ሌሊት ይህን ያህል። ራትና ቁርስ፣ ጾምም ፍስክም፣ ይህን ያህል። አህያ ለቀን፣ መሪ ለቀን፣ ይህን ያህል። ለምንጩ አጥርና ለሽንት ቤት ማሠሪያ ከእያንዳንዱ እንግዳ ይህን ያህል። የሳምንቱ ተረኛ ቤቶች ስም። ከታች፦ «ገንዘብ ተቀባይ፣ የቤቱ እመቤት»።