መሬቱ የማን ነው? ደብተሩ የማይመልሰው ጥያቄ

ጋይንትና ስማዳ ላይ አንድ አባወራ መሬቱን ለልጆቹ ላካፍል ቢል ለእያንዳንዱ የሚደርሰው ቁራጭ ጥማድ በሬ እንኳ አያዞርም። በዚህ ላይ ንፋስ መውጫም ሆነች ሌሎቹ ከተሞች ሲሰፉ የሚሄዱት ወደ ገበሬው ማሳ ነው። ስለዚህ «መሬቱ የማን ነው?» የሚለው እኛ ዘንድ የእንጀራ ጥያቄ ነው።

እስኪ ወደኋላ እንይ። በየካቲት 1957 ተማሪዎች አዲስ አበባ ላይ «መሬት ላራሹ» ሲሉ የጎንደርና የጎጃም ገበሬ ርስት ነበረው። የሱ ስጋት ቀላዱና ግብሩ ነበር። በ1960 የእርሻ ገቢ ግብር ሲመጣ ጎጃም አመፀ፤ ጦር ተላከበት፣ በኋላ ግን ንጉሡ ውዝፉን ሰረዙ። በ1967 ደርግ የገጠሩን መሬት የሕዝብ ሀብት ነው ብሎ በመንግሥት እጅ አደረገው። በ1989 ደግሞ በክልላችን ድልድል መጣና «ቢሮክራት» የተባለው ገበሬ ማሳው ተቀነሰበት። አቤት ለማለት አዲስ አበባ ድረስ የሄዱ ነበሩ፤ ደግፈዋቸው የወጡ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችም ታሰሩ።

ዛሬስ? ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል፤ ገበሬው ያለክፍያ የማግኘትና ያለመነቀል መብት አለው ይላል። ከ1995 ጀምሮም የይዞታ ደብተር ተሰጥቷል። ደብተሩ ከጎረቤት ጋር ያለውን የድንበር ጭቅጭቅ ቀንሷል፤ የሚስትም ስም ገብቶበታል። ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ግን «ለሕዝብ ጥቅም ይፈለጋል» ከተባለ ደብተሩ አያስጥልም።

የቀረው ካሣ ነው። በ1997 ሕግ የአስር ዓመት ገቢ የነበረው በአዋጅ 1161/2011 አስራ አምስት እጥፍ ሆነ። ጥሩ ይመስላል። ነገር ግን ስሌቱ ማሳው በሰጠው ምርት ነው። ምርቱ አልበቃ ብሎት ሴፍቲኔት የገባ ሰው ትንሹ በአስራ አምስት ቢባዛ ምን ይሆናል? ያው መሬት ከተማ ሲገባ ደግሞ በካሬ ሜትር ለሊዝ ጨረታ ይወጣል። ልዩነቱ የገበሬው አይደለም።

ይሄ የኛ ብቻ ችግር አይደለም። ኦሮሚያ ላይ የአዲስ አበባ ማስተር ፕላን በ2006 ተቃውሞ አስነሳ፤ ብዙ ሕይወት ጠፍቶ በጥር 2008 ተሰረዘ። ቀድሞ ገበሬውን ቢያማክሩት ምን ነበረበት?

አሁን በክልላችን ጠብመንጃ ያነሳ ሁሉ ለመሬት ብሎ ነው አንልም። ግን መሬት የሌለው ወጣት፣ አቤት የሚልበት ቢሮም ሲያጣ፣ ለሰላም የሚሟገትበት ምክንያት ያንሰዋል። ስለዚህ እኛ የምንለው ቀላል ነው፦ ገበሬው ከመነሳቱ በፊት ይጠየቅ፤ ማሳው ሲሸጥም ድርሻ ይኑረው።