20 እና 20 ሲደመር 40 የማይሆንበት ሒሳብ

ጪሮ ገበያ ላይ ጠዋት 1,000 ብር የተጠራበት ዙርባ ጫት ቀትር ላይ 20 በመቶ ወረደ እንበል። ሲጠወልግ ከዚያው ላይ ሌላ 20 በመቶ ወረደ። ስንት ቀረው? ነጋዴዋ ወረቀት ሳታነሳ 640 ትላለች። የሰባተኛ ክፍል ተማሪው ግን 20 እና 20 ደምሮ 600 ቢል ማንም አይደነቅ። ሁለተኛው 20 የተቆረጠው ከ1,000 ሳይሆን ከ800 መሆኑን ያስጨበጠው የለም። 0.8 በ0.8 ሲባዛ 0.64፤ ሒሳቡ ይኸው ነው።

ልጁ ሰነፍ ሆኖ አይደለም። ቀመር ሸምድዶ ያልፋል፤ "ከምን ላይ?" ብሎ መጠየቅ ግን አልለመደም። በምዕራብ ሐረርጌ ደግሞ እስከ ስምንተኛ ክፍል በአፋን ኦሮሞ የተማረውን ዘጠነኛ ሲገባ በእንግሊዝኛ ይቀጥላል። ቋንቋው ሲቀየር የሚተርፈው ቀመሩ ብቻ ነው።

"አንዲት የመልመጃ ጥያቄ ናት፣ ምን ታመጣለች?" የሚል አይጠፋም። ምን እንደምታመጣ ብር ላይ ይታያል።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ዶላር በአንድ ጀምበር ከ57.48 ወደ 74.73 ብር ሲዘል "ብር 30 በመቶ ወደቀ" ተባለ፣ ተጻፈም። ስህተት ነው። 30 በመቶ የጨመረው ዶላሩ ነው፤ ብር የወረደው 23 በመቶ ነው። 57.48ን ለ74.73 ማካፈል የሚችል ሁሉ ያገኘዋል። በነሐሴ 2002 ዶላር ከ13.63 ወደ 16.35 ሲሄድ አንዱ 20 በመቶ፣ ሌላው 17 ገደማ አለ። ሁለቱም ልክ ነበሩ፤ አንዱ የዶላሩን፣ ሌላው የብሩን መናገሩን የነገረን ግን ጥቂት ነው። በጥቅምት 2010 የተነገረው 15 በመቶም ለብሩ ሲሰላ 13 ነው።

እንግዲህ ሦስቱን ውድቀቶች፣ 17፣ 13 እና 23፣ የሚደምር ሰው 53 በመቶ ይላል። የቀረውን በቀረው የሚያባዛ ግን 44 ያገኛል። የምሥራች ይመስላል፤ አይደለም። ከ13.63 እስከ 74.73 ባለው መንገድ ብር ከዋጋው 82 በመቶ አጥቷል። ሌላው የት ሄደ? ማንም መግለጫ ባልሰጠባቸው ዓመታት፣ ዶላር ከ16.35 ወደ 23.42፣ ከዚያም ከ26.92 ወደ 57.48 በሳንቲም በሳንቲም ሲወጣ ነው የተሸረፈው። ያ ዝምተኛ ሽርፈት ለብቻው ሲሰላ 67 በመቶ ነው፤ ጋዜጣ ካጨናነቁት ሦስት ዝላዮች ይበልጣል። (44 እና 67 የሚደምር ደግሞ 111 በመቶ ያገኛል፤ ብር ከዜሮ በታች ወረደ ማለት ነው።)

ሒርና ወይም ገለምሶ ላለ ደመወዝተኛ ይህ ጨዋታ አይደለም። የደመወዙ የመግዛት አቅም 20 በመቶ ወርዶ ደመወዙ 20 በመቶ ቢጨመርለት "ተካካሰ" ይሉታል። ከ100 ወደ 80፣ ከ80 ወደ 96። አራቷ የት ገባች? ለመካካስ 25 በመቶ ያስፈልግ ነበር። ይህን የማያውቅ ሠራተኛ ጭማሪውን አጨብጭቦ ይቀበላል፤ የሚያውቅ ባለሥልጣንም ቢኖር ለማስረዳት አይቸኩልም።

ስለዚህ የትምህርት ቢሮው ሰዎች ከመጽሐፉ ውስጥ በቅናሽ የሚሸጠውን ሸሚዝ አውጥተው ዙርባውንና የዶላሩን ምንዛሪ ያስገቡ። ፈተና ላይም መልሱ ብቻ ሳይሆን እያንዳንዱ መቶኛ ከየትኛው ቁጥር ላይ እንደተሰላ የጻፈ ተማሪ ነጥብ ያግኝ።