የእረፍት ቀናችንና የአዋሽ ፏፏቴ

የዶሃ ሙቀት ለዘብ ሲል፣ ከኅዳር እስከ የካቲት ባሉት ወራት፣ ቤቱ የሚውል ሰው ይቀንሳል። ዓርብ ከጁሙዓ ሶላት በኋላ ወደ መሰዒድ የሚወስደው መንገድ በላንድ ክሩዘር ይጨናነቃል፤ አብዛኞቹ ከከተማዋ በስተደቡብ 80 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ወደሚገኘው ኾር አል-ዑደይድ የሚያመሩ ጎብኚዎች ናቸው። በዚያ ስፍራ ባሕሩ በጠባብ መተላለፊያ አልፎ ወደ በረሃው መሃል ይገባል፤ የአሸዋው ኮረብታም እስከ ውኃው ዳር ድረስ ይወርዳል። እስከዚያ የሚያደርስ የተነጠፈ መንገድ ስለሌለ ያለ አስጎብኚ መሄድ አይመከርም። አስጎብኚው አስፋልቱ በሚያበቃበት ቦታ ቆሞ የጎማዎቹን ነፋስ ይቀንሳል፣ መንገደኛው ሻይ ይጠጣል፣ ከዚያ በኋላ አሸዋው ነው።

እኔም ባለፈው ዓመት ባለቤቴንና ልጆቼን ይዤ ሄጄ ነበር። አስጎብኚያችን በመኪና አነዳዱ የሚደነቅ፣ በንግግሩ ግን ቁጥብ ሰው ነበር። ስለ ስፍራው ብንጠይቀው ፎቶግራፍ የት ቆመን እንደምንነሳ ከመንገር የዘለለ መልስ አልሰጠንም። የዐስር ሰዓት መግባቱን ያስታወስነውም እኛው ነን። ያም ሆኖ ቀኑን አልነቀፍኩትም፤ ከዚያ ቀን በአእምሮዬ የቀረው ደግሞ የታናሹ ልጄ ጥያቄ ነው። ልጁ ዶሃ ተወልዶ ያደገ ነው። ውኃ ለእርሱ ወይ ባሕር ነው ወይ ከቧንቧ የሚወርድ፣ ጨው ተለይቶለት የተጣራ ባሕር ነው። ይህች ሀገር በዓመት ከ80 ሚሊ ሜትር የማይበልጥ ዝናብ የምታገኝና አንድም ወራጅ ወንዝ የሌላት ናትና አይፈረድበትም። «ባባ፣ ወንዝ ሲወድቅ አይተህ ታውቃለህ?» አለኝ።

መልሴ አሳፍሮኛል። ያደግሁት ድሬዳዋ ነው። ወደ አዲስ አበባ በአውቶቡስ በተመላለስኩ ቁጥር አውራ ጎዳናው የአዋሽ ብሔራዊ ፓርክን መሃል ለመሃል ሰንጥቆ ያልፋል፤ ፏፏቴው ከጎዳናው ብዙም አይርቅም። ስንት ጊዜ እንዳለፍኩ አልቆጥረውም። አንድም ቀን ወርጄ አላየሁትም።

ይህ የእኔ ብቻ ታሪክ ቢሆን ኖሮ ለጋዜጣ ባልበቃ ነበር። በባሕረ ሰላጤው የምንኖር ኢትዮጵያውያን ለፈቃድ ወደ ሀገር ስንገባ ቀኖቻችን እንዴት እንደሚያልቁ ሁላችንም እናውቀዋለን። ዝምድና መጠየቅ አለ፤ ይህ ግዴታ ነው። ሰርግ አለ፣ ለቅሶ አለ፣ የጅምር ቤቱ ሲሚንቶና ብረት አለ፣ በየቢሮው የሚያልቅ ወረፋ አለ። ወሩ ሲያበቃ ልጆቹ ስለ ኢትዮጵያ የሚያስታውሱት የአጎታቸውን ሳሎንና የቦሌን የመኪና ጭንቅንቅ ነው። ከዚያ ተመልሰን በዶሃ የልደትና የድግስ አዳራሽ ውስጥ «ልጆቻችን ሀገራቸውን አያውቁም» ብለን እናዝናለን። ከሠላሳው ቀን አንዱን ብቻ ለምድሪቱ አውጥተን ቢሆን ኖሮ የሐዘናችን ግማሹ ባልኖረ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ነገሩን እንደ መዝናናት ብቻ የሚያዩት ወንድሞች አሉ፤ ቅንጦት ይሉታል። እኔ ግን አልስማማም። ቁርኣን ሰዎች በምድር ላይ እንዲጓዙና ፍጥረት እንዴት እንደተጀመረ እንዲመለከቱ ያዘዘበት የሱረቱል አንከቡት አንቀጽ ትእዛዙን ለሀብታሞች ብቻ አላደረገውም። የሱረቱል ጋሺያ አንቀጾችም ግመልን፣ ሰማይን፣ ተራራንና ምድርን እንድንመለከት የሚያመለክቱን በዙሪያችን ያለውን በማሳየት ነው። ተፈኩር መጽሐፍ ገልጦ ብቻ የሚፈጸም ዒባዳ አይደለም፤ ዓይን ያስፈልገዋል። ዓይን ደግሞ በማያውቀው ስፍራ የሚያይለት ሰው፣ ማለትም አስጎብኚ ይፈልጋል።

በአውስትራሊያ ሰሜን ምሥራቅ፣ ኬርንስ ከተባለችው ከተማ በየማለዳው ትናንሽ አውቶቡሶች ወደ አተርተን ደጋ ይወጣሉ። ሚላ ሚላን የመሳሰሉ ፏፏቴዎችን ያያሉ፤ በዝናብ ደኑ ውስጥ ካሶዋሪ የተባለችውን መብረር የማትችል ግዙፍ ወፍ ይፈልጋሉ። ሲመሽም እንቁላል የምትጥለውንና ልጇን የምታጠባውን ፕላቲፐስ በወንዝ ዳር ጸጥ ብለው ይጠብቃሉ። በአንድ ቀን ሄደው ይመለሳሉ። ያ ደን ለእንጨት ሲቆረጥ የኖረ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1988 በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ የክፍለ ግዛቱ መንግሥትና የእንጨት ነጋዴዎች አጥብቀው ተቃውመው ነበር። ዛሬ ያው ደን ሳይቆረጥ ቆሞ የሹፌሩን፣ የአስጎብኚውንና የቡና ቤቱን ቤተሰብ ያስተዳድራል። እዚያ ድረስ መሄድ አያስፈልገንም። ነገር ግን የሌላው ዓለም ሰው ከምድር ጫፍ ገንዘቡን ከፍሎ የሚያየው ዓይነት ነገር ከአዲስ አበባ 200 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ መኖሩን ማወቅ ይገባናል።

ኳታር ራሷ በዚህ ረገድ የምታስተምረን አላት። በኳታር አየር መንገድ አውሮፕላኖች ጭራ ላይ ያለችውን ባለ ረጅም ቀንድ እንስሳ ሁላችንም እናውቃታለን፤ ዐረቦች አል-መሃ ይሏታል፣ በአማርኛ ሳላ ናት። እ.ኤ.አ. በ1972 የመጨረሻዎቹ የዱር ሳላዎች በዑማን ተገድለው ዘራቸው ከበረሃ ጠፍቶ ነበር። የተረፉት በአጥር ውስጥ የነበሩት ብቻ ናቸው። ኳታርን ጨምሮ የአካባቢው ሀገራት እነዚያን አራብተው ወደ በረሃው መለሷቸው። እ.ኤ.አ. በ2011 ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት የዐረቢያን ሳላ ከነበረችበት የአደጋ ደረጃ ዝቅ አደረጋት፤ ከዱር ጨርሶ ጠፍቶ ወደዚያ ደረጃ የተመለሰ የመጀመሪያው እንስሳ ነው። የእርሷ ዘመድ የሆነችው የአፍሪካ ሳላ ግን በአዋሽ ሜዳ ላይ ከጥንት ጀምሮ አለች፤ ቁጥሯ እየቀነሰ ነው። እኛ የምናውቀው የአውሮፕላኑን ሥዕል ነው።

ስለ ጥበቃ ከተነሣ ሊታለፍ የማይገባ ጉዳይ አለ። የአዋሽ ፓርክ እ.ኤ.አ. በ1966 ሲቋቋም፣ ከጎኑም የመተሐራ ሸንኮራ እርሻ ሲስፋፋ፣ የከረዩ አርብቶ አደሮች የደረቅ ወራት የግጦሽ መሬታቸውን አጥተዋል። ወገኖቻችን የሆኑት እነዚህ ሙስሊም አርብቶ አደሮች ከብቶቻቸውን ወደ ፓርኩ ሲነዱ ዘበኛ ይከለክላቸዋል፤ ሳይነዱ ሲቀሩ ከብቶቻቸው ይሞታሉ። ጎብኚ ይህን ሳያውቅ «ከብት የእንስሳውን ሣር ጨረሰ» ብሎ ቢመለስ ግማሹን ብቻ አይቷል። በእስልምና ታሪክ የሕዝብ ጥብቅ መሬት፣ ሒማ የሚባለው፣ ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ዘመን ጀምሮ ይታወቃል። ኸሊፋው ዑመር ኢብኑል ኸጣብ (ረ.ዐ.) ሁነይ የተባለውን አገልጋያቸውን በሒማ ላይ ሲሾሙት የሰጡት መመሪያ በቡኻሪ ተዘግቧል። ጥቂት ግመልና ጥቂት በግ ያለውን ድኻ እንዲያስገባ፣ የባለጸጎቹን የኢብኑ ዐውፍንና የኢብኑ ዐፋንን መንጋ ግን እንዲከላከል አዘዙት፤ ባለጸጎቹ ከብታቸው ቢያልቅ የተምር እርሻ አላቸውና፤ ድኻው ግን ልጆቹን ይዞ ወደ ኸሊፋው ደጅ ይመጣል። ከአሥራ ሦስት መቶ ዓመታት በላይ ያስቆጠረ ይህ መመሪያ ለዛሬው የፓርክ አስተዳደር አያንስም። በእኔ አስተያየት ጎብኚ በአዋሽ የሚያወጣው ገንዘብ በአስጎብኚነት፣ በስካውትነት፣ በወተትና በሻይ ሽያጭ ለከረዩና ለአፋር ወጣቶች ካልደረሰ፣ ሳላዋን የሚጠብቃት ዘላቂ ወዳጅ አይኖርም።

እዚሁ ዶሃ ወዳለው ጉዳያችን ልመለስ። የቤት ሠራተኞችን የሚመለከተው የኳታር ሕግ፣ የ2017ቱ ሕግ ቁጥር 15፣ በሳምንት ከ24 ተከታታይ ሰዓት ያላነሰ ክፍያ ያለው እረፍት፣ በዓመት ደግሞ የሦስት ሳምንት ፈቃድ ይሰጣል። ብዙ እህቶቻችን በዚህ ሕግ ሥር ናቸው። ቀኑን የማይወስዱ አሉ፤ አንዳንዶቹ መብታቸው መሆኑን አያውቁም፣ አንዳንዶቹ ለመጠየቅ ይፈራሉ። «ወጥቼ የት እሄዳለሁ?» የምትልም አለች፤ እኔን ይበልጥ የሚያሳዝነኝ የእርሷ መልስ ነው። መሄጃ የሌለው የእረፍት ቀን በቀላሉ ይሸጣል።

የኮሙኒቲ ማኅበሮቻችን ለአዳራሽ ኪራይና ለድምፅ ማጉያ የሚያወጡትን ገንዘብ ጥቂቱን ለአንድ አውቶቡስ ቢያውሉት ምን ይጎድልባቸዋል? ለዚህ ላንድ ክሩዘር አያስፈልግም። ከዶሃ በስተሰሜን 60 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ በአል-ዘኺራ፣ በጨው ውኃ ውስጥ የሚበቅለው የማንግሮቭ ደን አለ፤ መኪና እስከ ዳርቻው ይደርሳል። በቅዝቃዜው ወራት ፍላሚንጎዎች ይመጣሉ። በአቅራቢያውም ከሦስት ሺህ ዓመታት በፊት ከባሕር ቀንድ አውጣ ቀይ ሐምራዊ ቀለም ይወጣባት የነበረችው የአል-ኾር ደሴት ትገኛለች። ጠዋት ወጥቶ ለመግሪብ መመለስ ይቻላል። ስለ ሴቶች ጉዞ ሥጋት ያላቸው ወንድሞችም፣ ርቀቱ አብዛኞቹ ዑለማእ ለሶላት ማሳጠር ካስቀመጡት 80 ኪሎ ሜትር ገደማ በታች መሆኑን፣ ጉዞውም በእህቶች ቡድን እንደሚሆን ልብ ይበሉ። አስተርጓሚ ሳያስፈልግ በአማርኛ የሚያስረዳ አንድ ሰው ማዘጋጀት ደግሞ ከባድ አይደለም፤ በመካከላችን የሥነ ሕይወት መምህራን የነበሩ ሹፌሮች እንዳሉ አውቃለሁ።

ወደ አዋሽ ለሚያስቡ ጥቂት ልጨምር። ከአዲስ አበባ ከሱብሒ ሶላት በኋላ ወዲያው መነሣት ያስፈልጋል፤ እስከ አዳማ ያለው የፍጥነት መንገድ ጊዜ ይቆጥባል፣ ከዚያ በኋላ ያለው ግን በከባድ መኪና የተጨናነቀ ነው። እንስሳቱ የሚታዩት በማለዳና ከዐስር በኋላ ነው፤ እኩለ ቀን ላይ ከግራር ጥላ አይወጡም። ፏፏቴው ከክረምቱ ዝናብ በኋላ ይሞላል፣ በበጋ ይሳሳል፤ በበጋ በአንጻሩ እንስሳቱ በቀላሉ ይታያሉ። ሁለቱን በአንድ ቀን በሙላት አገኛለሁ ማለት አይቻልም። ከፏፏቴው በታች አዞ ስላለ ልጅን ከውኃው ዳር ማራቅ ግድ ነው። በ2024 መጨረሻና በ2025 መጀመሪያ በፈንታሌና በዶፈን አካባቢ በተከታታይ የደረሰው የመሬት መንቀጥቀጥ ብዙ ሺህ ሰው ከቀየው አፈናቅሏልና፣ ከመነሣት በፊት የመንገዱንና የአካባቢውን ሁኔታ መጠየቅ ያሻል። ዙህርና ዐስርን በጉዞ ሕግ አሳጥሮና አጣምሮ መስገድ ይቻላል፤ ለዚህ የሚሆን ቦታና ሰዓት ከአስጎብኚው ጋር አስቀድሞ መነጋገር እኔ በኾር አል-ዑደይድ ከገጠመኝ መሯሯጥ ያድናል።

ባለፈው ነሐሴ ፈቃዴን ስወስድ ሄድን። ውኃው እንደ ቡና ጠቁሮ ነበር። ልጄ ከድምፁ የተነሣ ጆሮውን ይዞ ቆሞ ለረጅም ጊዜ ምንም አልተናገረም። አብሮን የነበረው ስካውት የአካባቢው ልጅ ነው፤ አዋሽ ከሌሎች ወንዞች በተለየ ባሕር ሳይደርስ በአፋር ምድር አቤ ሐይቅ ገብቶ እንደሚያበቃ፣ ወንዙ ሲቀንስ ሰዉ ከብቱን ይዞ ወዴት እንደሚሄድ በእርጋታ አስረዳው። ወደ መኪናው ስንመለስ አራት ሳላዎች ከመንገዱ ባሻገር ቆመው አየናቸው። ስካውቱ ከዶሃ መምጣታችንን ያውቅ ስለነበር፣ በዚያ ሀገር አውሮፕላን ላይ የተሣለችው ይህችው እንደሆነች ልጄን ጠየቀው።

«ዘመዷ ናት» አለው ልጄ። «የእናንተዋ ግን ትበልጣለች።»