እሌኒን ማን ሄለን አላት?

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። ነገሩ እንዲህ ከሆነ፥ መልአክ ያወጣውን ስም የመዝገብ ጸሐፊ በእስክርቢቶ ሰርዞ ሌላ ለማውጣት ሥልጣኑን ከማን አገኘ? ይህን የምለው ለጨዋታ አይደለም። በእኛ አገር በላስታና በአካባቢው፥ እናት አባቷ እሌኒ ብለው ያወጡላት ልጅ ትምህርት ቤት ስትገባ፥ ወይም ጋሸና መጥታ በሻይ ቤት ስትቀጠር፥ ሳትጠየቅ ሄለን ትባላለች። ምክንያቱ ምንድን ነው ቢሉ መልሱ አንድ ነው፤ «እሌኒ የባላገር አጠራር ነው፤ ትክክለኛው ሄለን ነው» ይላሉ። የተማሩ ሰዎች እንኳ ይህን ሲሉ ሰምቻለሁ። እኔ ግን፥ ወጣት አንባቢዎቼ ሆይ፥ ይህ አባባል ከሥሩ ሐሰት መሆኑን፥ ሐሰትም ብቻ ሳይሆን በደል መሆኑን ላስረዳችሁ እወዳለሁ።

በደል ያልሁት ያለ ነገር አይደለም። ባስተማርሁበት በአንድ ትምህርት ቤት የነበረች አንዲት ልጅ ከአንደኛ ክፍል ጀምራ እሌኒ ነበረች። ለስምንተኛ ክፍል ፈተና ስትመዘገብ ግን ቅጹን የሞላው ሰው «ስሟን አስተካከልሁላት» ብሎ ሄለን ጻፈ። ውጤቱ በሄለን ስም መጣ፤ የልደት ማስረጃዋ እሌኒ ይላል። ልጅቱ ጥሩ ውጤት አምጥታ ሳለ፥ በሁለቱ ወረቀት ላይ ያለችው ሴት አንድ መሆኗን ለማስረዳት አባቷ ሦስት ጊዜ ተመላለሰ፤ ለመሳፈሪያውና ለማደሪያው በግ ሸጠ። ዘጠነኛ ክፍል የገባችው ትምህርት ከተጀመረ አምስት ሳምንት ካለፈ በኋላ ነው። በገጠር አንዲት ልጅ አምስት ሳምንት ከትምህርት ቤት ውጭ ስትቀመጥ ምን እንደሚከተል የአገሬ ሰው ያውቀዋል፤ «እስከዚህ መማርሽ ይብቃሽ» የሚል ዘመድ፥ ሽማግሌ የሚልክ ጎረቤት አይጠፋም። ይህች ልጅ እንደ ምንም አመለጠች። ስሟን ያስተካከለላት ሰው ግን እስከ ዛሬ ውለታ እንደ ዋለላት ያምናል።

እንግዲህ ትክክለኛው የትኛው እንደ ሆነ እንመርምር። ስሙ የግሪክ ስም ነው። ግሪኮች ሲጽፉት በመጀመሪያው ፊደል ላይ «ህ» የምትመስል ትንፋሽ መኖሯን የምታሳይ ትንሽ ምልክት ያደርጉ ነበር። በጥንቱ ዘመን በአቴና ሰዎች አፍ ይህች ትንፋሽ ትሰማ ነበር፤ በክርስትና የመጀመሪያ መቶ ዓመታት ግን ከሰው አፍ እየጠፋች በጽሕፈት ብቻ ቀረች። የስሙም መጨረሻ «ኒ» ተብሎ ይነበብ ጀመር። ግሪኮች እስከ ዛሬ ድረስ ኤሌኒ ነው የሚሉት። የእኛም የጥንት ሊቃውንት ቅዱሳት መጻሕፍትን ከግሪክ ወደ ግእዝ ሲመልሱ የሰዎቹን ስም በግሪኮቹ አንደበት ተቀበሉ፤ ጴጥሮስና ጳውሎስ «ኦስ» የሚለውን መጨረሻቸውን እንደ ያዙ የቀሩት ስለዚህ ነው። እሌኒ የሚለው ስም መልኩ ራሱ የግሪክ ዘመድ መሆኑን ይመሰክራል።

እንግሊዞች በበኩላቸው ስሙን ያገኙት በላቲን በኩል ነው። ላቲኑ «ህ»ን በጽሕፈት ጠብቆ ሄሌና አለ፤ እንግሊዙ ደግሞ መጨረሻዋን ቆርጦ ሄለን አደረጋት። እስቲ ፍረዱ፤ ጫፉ የተቆረጠው የማን ስም ነው? የባላገሩ ነው ወይስ የእንግሊዙ? ኢጣልያዊው ኤሌና፥ ሩስያዊው ዬሌና ይላል። ከነዚህ አንዱ እንኳ «ሄለን ማለት አቅቶኝ ነው» ብሎ ሲያፍር አልተሰማም። ያፈርነው እኛ ብቻ ነን።

ከነገሬ ልውጣና፥ አንድ የጥንት የግሪክ መዝገበ ቃላት ይህንኑ ቃል «ችቦ» ብሎ ይፈታዋል። ሊቃውንት በስሙ ምንጭ ላይ ባይስማሙም፥ መስከረም 16 ማታ ችቦ ይዘን ለምንወጣ ሰዎች ይህ ፍቺ ደስ የሚል ነው።

እኔ ራሴ የሚሲዮን ትምህርት ቤት ልጅ ነኝ። እንግሊዝኛን ያገኘሁት ከዚያ ነው፤ እንጀራዬንም የበላሁበት እርሱን አስተምሬ ነው፤ ስለዚህ እንግሊዝኛ የሚጠላ ሽማግሌ ተናገረ እንዳትሉኝ። በዚያ ትምህርት ቤት ዮሐንስን ጆን፥ ማርያምን ሜሪ ብሎ መጥራት የተለመደ ነበር። የዕብራይስጡ ዮሐናን ከጆን ይልቅ ለዮሐንስ እጅግ የቀረበ መሆኑን የነገረን ግን አልነበረም፤ ይህን ያወቅሁት ቆይቼ በንባብ ነው። ቋንቋ መማር ሌላ፥ በተማሩት ቋንቋ የገዛ ወንድምን ስም ማረም ሌላ ነው።

አሁን ወደ ስሙ ባለቤቶች ልለፍ። ጋሸና ላይ ሄለን የምትባለውን አንዲት ልጅ «ሄለን ማን ነበረች?» ብዬ ብጠይቃት፥ በፊልም ያየቻትን የትሮይን ሴት ነገረችኝ። መልከ መልካም ነበረች፤ ወንዶች ተዋጉባት፤ ታሪኳ ይኸው ነው። እርሷም የስሙ ባለቤት ናት፤ አልክድም። ነገር ግን የልጅቱ አባት ስሙን ሲያወጣ ያሰበው ይህችን ሴት አልነበረም።

አባቷ ያሰበው የቆስጠንጢኖስን እናት ነው። ስለ ንግሥት እሌኒ ቅድስና በየዓመቱ ይሰበካል፤ ከየት እንደ ተነሣች ግን ብዙ ጊዜ አይነገርም። የሚላኖው ጳጳስ አምብሮስዮስ እ.ኤ.አ. በ395 ባደረገው ንግግር፥ የእንግዳ ማረፊያ ቤት አገልጋይ ነበረች ይላል። አስተውሉ! ጋሸና የመንገድ ከተማ ናት፤ ከወልድያ ወደ ወረታ የሚሄድ መኪና የሚቆምባት፥ ወደ ላሊበላ የሚሄደውም የሚታጠፍባት ናት። በዚህች ከተማ ለሾፌርና ለመንገደኛ ሻይ የምታቀርበው ልጅ ሄለን ስትባል ሠለጠነች ይሏታል። እሌኒ ማለት ግን እንደ እርሷ መንገደኛ ስታስተናግድ የኖረች፥ በኋላም ንግሥት የተባለች ሴት ስም መሆኑን የሚነግራት አንድ ሰው የለም።

ያችን ሴት ባሏ ቆስጠንጥዮስ ለሹመት ሲል ትቷት ከነገሥታት ወገን አገባ። ልጇ በነገሠ ጊዜ ግን አክብሮ አውጉስታ አሰኛት፤ ድሬጳኖን የተባለችውንም ከተማ በስሟ እሌኖጶሊስ አላት። ዕድሜዋ ወደ 80 ሲጠጋ፥ እ.ኤ.አ. ከ326 እስከ 328 ባለው ጊዜ ወደ ኢየሩሳሌም ተጓዘች፤ በቤተ ልሔምና በደብረ ዘይት ተራራ ስለ ታነጹት አብያተ ክርስቲያናት የዘመኑ ጸሐፊ አውሳብዮስ ስሟን ያነሣል። ደመራ ደምራ፥ ዕጣን አጢሳ፥ ጢሱ ያመለከታትን ስፍራ አስቆፍራ መስቀሉን እንዳገኘች ቤተ ክርስቲያናችን ታስተምራለች። የመስቀል በዓላችን በ2006 ዓ.ም. በዩኔስኮ መዝገብ ሲገባ፥ የዚያች ሴት ሥራ ነው ለዓለም የተመዘገበው።

ከመስቀሉ ግማድ አንዱ በወሎ በአምባሰል በግሸን ማርያም እንደሚገኝ፥ ያስቀመጠውም ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ መሆኑን የማያውቅ የአገራችን ልጅ የለም። የዚህ ንጉሥ ሚስት ስም ማን እንደ ነበረ ግን ስንታችሁ ታውቃላችሁ? እሌኒ ነበር። ሁለተኛዪቱ ንግሥት እሌኒ ይህች ናት፤ እኔም ብዙ ቀለም የማፈሰው ለእርሷ ነው።

ይህች እሌኒ የሐድያ ገዥ ልጅ ነበረች፤ የተወለደችውም ከእስላም ቤት ነው። ዘርዐ ያዕቆብ እ.ኤ.አ. በ1468 ከሞተ በኋላ የነገሠው ልጁ በእደ ማርያም እንደ እናት አከበራት፤ የእርሱ ዜና መዋዕል መጻሕፍትን ማንበቧን፥ ሕግ ማወቋን፥ የመንግሥትን ነገር ማስተዋሏን እያነሣ ያመሰግናታል። በምሥራቅ ጎጃም በመርጡለ ማርያም ያሠራችው ቤተ ክርስቲያንም በዘመኑ እጅግ ያማረ ነበር። ልብነ ድንግል እ.ኤ.አ. በ1508 ገና ልጅ ሳለ በነገሠ ጊዜ መንግሥቱን ይዛ ያስተዳደረችው ይህች አሮጊት ናት። ቀይ ባሕር በባዕዳን እጅ እየገባ መሆኑን አይታ፥ እ.ኤ.አ. በ1509 ገደማ ማቴዎስ የተባለውን አርመናዊ በህንድ በኩል ወደ ፖርቱጋል ንጉሥ ወደ ማኑኤል በደብዳቤ ላከችው። ሰውየው በመንገድ ሐሰተኛ መልእክተኛ ነህ እየተባለ ተንገላታ። መልሱ የመጣው እ.ኤ.አ. በ1520 ነው፤ 11 ዓመት መሆኑ ነው። (ዛሬ በስልክ የላካችሁት ቃል በአንድ ሰዓት መልስ ሲያጣ የምትናደዱ ልጆች ይህን አስቡ።) ማቴዎስም ምጽዋ በደረሰ በጥቂት ሳምንት ውስጥ ሞተ።

ከመልሱ ጋር የመጣው የፖርቱጋል መልእክት ጓድ ቄስ ነበረው፤ ስሙ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ። ይህ ቄስ በአገራችን 6 ዓመት ሲቆይ ወደ ላስታ መጥቶ ከዐለት የተፈለፈሉትን አብያተ ክርስቲያናት አየ። ስለ እነርሱም ሲጽፍ፥ አንባቢ አያምነኝም ብሎ ፈርቶ፥ የጻፈው ሁሉ እውነት መሆኑን በእግዚአብሔር ስም ማለ። መጽሐፉ እ.ኤ.አ. በ1540 በሊዝበን ታተመ፤ አውሮፓ ላሊበላን በሰፊው ያወቀው ከዚያ ወዲህ ነው።

እንግዲህ በጋሸና መታጠፊያ በኩል 60 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ላሊበላን ሊያይ የመጣውን ጎብኚ፥ የመጀመሪያውን ጥርጊያ የከፈተለት የእሌኒ ደብዳቤ ነው። እኛም ይኸው ጎብኚ በቀላሉ እንዲጠራት ብለን እሌኒን ሄለን እንላታለን!

በሌላ በኩል ደግሞ የሚከራከሩኝ አሉ፤ እነዚህ ለስሙ የቆሙ መስለው ስሙን የሚያጠብቡት ናቸው። አንድ የማከብራቸው ሰው «እሌኒ ንጹሕ የራሳችን ስም ነው፤ ከውጭ ምንም የለበትም፤ ለክርስቲያን ልጅ ብቻ የተገባ ነው» አሉኝ። አይደለም፥ አባቴ! ስሙ ከግሪክ መጥቶ በእኛ ዘንድ ያደገ ነው፤ በዙፋናችን ላይ ከፍ አድርጋ የተሸከመችውም የእስላም ልጅ ናት። በወሎ ምድር በአንድ ቤት አንዱ ወንድም መስጊድ፥ ሌላው ቤተ ክርስቲያን ሲሄድ እያየን የምንኖር ሰዎች፥ የዚህችን ንግሥት የትውልድ ቤት እንደ ነውር ልንሸሽግ አይገባንም። የራስ የሚሆነው በኖሩበትና በሠሩበት ነው። በላስታማ መስቀል ከሴት ስም ጋር መጠራቱ ከእርሷም ዘመን በፊት የነበረ ነው፤ የቅዱስ ላሊበላ ሚስት መስቀል ክብራ ትባል ነበር፤ ቤተ አባ ሊባኖስንም በመላእክት ረዳትነት በአንድ ሌሊት እንዳሠራች ይነገራል።

«ፈረንጅ እሌኒ ማለት ይቸግረዋል፤ ልጅቱም በዓለም ፊት ትጎዳለች» ለሚሉኝ ደግሞ መልሴ አጭር ነው። በአሜሪካ በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ማዕረጓን የተቀበለችው፥ በ2000 ዓ.ም. ሥራ የጀመረውን የኢትዮጵያ ምርት ገበያ ያቋቋመችውና የመራችው የምጣኔ ሀብት ሊቅ እሌኒ ገብረ መድኅን ናት። በዓለም ባንክም ሆነ በየአህጉሩ ጉባኤ እሌኒ ተብላ ቆመች እንጂ ሄለን አልተባለችም። ምላሱ የተሰበረ ፈረንጅ መኖሩንም አልሰማንም።

ወላጆቿ ራሳቸው ሄለን ያሏትን ልጅ እሌኒ በይ ብዬ እንደማላስገድድ ይታወቅልኝ። እርሷ ሄለን ናት፤ በስሟ ትጠራ። እኔ የምከራከረው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ስም የባለቤቱ ነው። ስምን በሕግ ለመለወጥ የሚፈልግ ባለቤቱ ጠይቆ፥ ዳኛ አይቶ ነው እንጂ፥ ለቅጽ ሞይ ደስ ስላለው አይደለም።

ይህንም የምጽፈው ጊዜው ስለሚያስቸኩል ነው። በ2013 እና በ2014 ዓ.ም. በነበረው ጦርነት በአካባቢያችን የብዙ ሰው ወረቀት ጠፍቷል፤ ማስረጃውን እንደ ገና የሚያወጣው ሰው ብዙ ነው። አሁን ደግሞ ፋይዳ የሚባለው መታወቂያ መጥቶ ስማችን በአማርኛም በላቲን ፊደልም ይጻፋል። በዚያ የተጻፈ ስም ወደ ባንክም ወደ ፈተናም ወደ ፓስፖርትም ይከተላል። ስለዚህ እሌኒ የሆንሽ ልጅ፥ ለመመዝገብ ስትቀርቢ ጸሐፊው የጻፈውን ሳታነቢ አትነሺ፤ እንዲያነብልሽም ብቻ አትጠይቂ፥ በዓይንሽ እይው። «ሄለን ይቀላል» ካለሽ፥ በላቲን ፊደል እሌኒ ስንት ፊደል እንደ ሆነች እንዲቆጥር ጠይቂው፤ አምስት ናት። ሄለንም አምስት ናት።