ስም የሌለው ጋኔን

ለመሆኑ ሲኦል ለማን መዝናኛ ነው? በ2010 ዓ.ም. ማድማይንድ የተባለ የፖላንድ ድርጅት «አጎኒ» ብሎ የሰየመውን የኮምፒዩተር ጨዋታ ለገበያ አቀረበ። ተጫዋቹ ትዝታዋን ያጣች ነፍስ ሆኖ በሲኦል ይቅበዘበዛል፤ ከአማላይ አጋንንት ይሸሻል፤ ሲሞት የሌላውን ገላ ለብሶ ይቀጥላል። የዕድሜ ገደብ መዳቢዎችን ለማለፍ ሲባል ከሥራው ላይ ትዕይንቶች ተቆርጠው ወጥተዋል። ድርጅቱ ግን አልተመለሰም፤ በ2014 ዓ.ም. አማላይዋን ጋኔን ራሷን ባለታሪክ አድርጎ «ሱኩበስ» የተባለ ሌላ ጨዋታ አወጣ።

ይህን መሰል ሥራ በፍላሽ እየተገለበጠ የትም ይደርሳል፤ መቀሌም ይደርሳል። «ይከልከል!» የሚል ድምፅም ተከትሎት መምጣቱ አይቀርም። መዝጋት ምን እንደሆነ መቀሌ ታውቃለች፤ ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. በዘለቀው ጦርነት ኢንተርኔት ተቋርጦባት ቆይታለች። የአየር ድብደባን በጆሮው የሰማ ወጣት በፖላንዱ ሲኦል አይደነግጥም። የሚያስቆጨው ሌላ ነው።

ጋኔን መሳል ነውር ቢሆን ኖሮ የክታብ ጸሐፊዎቻችን ቀዳሚ ተከሳሾች በሆኑ ነበር። በትግራይም ሆነ በጎንደር ደብተራው የበግ ወይም የፍየል ቆዳ ፍቆ፣ ቁራጩን በጠፍር ሰፍቶ፣ በታማሚው ቁመት ልክ ክታብ ያዘጋጅ ነበር። የባለቤቱ ስም ይጻፍበታል፤ ክታቡ እጅ ሲለውጥ የፊተኛው ስም ተፍቆ የአዲሱ ይገባል። መካከሉ ላይ ዓይኑን ያፈጠጠ ፊት ይሣላል፤ ጋኔኑ በታማሚው ዓይን አይቶት እንዲሸሽ። (ክታብ ያድናል ማለቴ አይደለም፤ የታመመ ሐኪም ቤት ይሂድ።) የሱስንዮስን ታሪክ እንመልከት። ሕፃናት ገዳይዋ ወርዘልያ በአትክልት ቦታ በአጋንንት ተከባ ሳለች ሱስንዮስ በጦር ወጋት፤ እርሷም ስሙ ወደሚጠራበት ስፍራ ላትደርስ ማለች። የጨዋታ ሕግ ማለት ይህ ካልሆነ ምንድር ነው? የእኛ ጋኔን ስም አለው፣ ወሰን አለው፣ በመሐላ ይታሰራል። «አጎኒ» ውስጥ ያለው ግን ሥጋ ነው፤ የሚሸጥ ሥጋ።

ታዲያ ከያኒያችን ምን ይሠራል? አዲስ አበባ ላይ ቅኔ ጌምስ የገበጣን ጨዋታና «ኩኩሉ»ን ሠርቶ ነገሩ እንደሚቻል አሳይቷል። የቀረው ጎራ ግን ከባዕድ የተቀዳ ጭራቅ ከመሣል አላለፈም፤ መምህሩም «አጉል እምነት» ብሎ ክታቡን ከመማሪያ ክፍል አባሮታል። አጉል እምነትን መንቀፍና ሥዕሉን አለማወቅ አንድ አይደሉም! የመቀሌ ዩኒቨርሲቲ የኮምፒዩተር መምህር፣ የከተማዋ ሠዓሊና የግእዝ ሊቁ በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ይቀመጡ። የሚያስፈልጋቸው ብራና ብዙ ነው፤ ከዚያም ብዙው ዛሬ በፓሪስና በለንደን ቤተ መጻሕፍት ቁጥር ተሰጥቶት፣ እንደተጠቀለለ ተቀምጧል። ማድማይንድን የመሰለ ሌላ ድርጅት ቀድሞ ከገለጠው፣ ወርዘልያን ከእርሱ በገንዘብ እንገዛታለን።