ስድቡ ከገጹ ሲፋቅ
ማርክ ትዌይን እ.ኤ.አ. በ1885 አሜሪካ ውስጥ ባሳተመው «የሐክልቤሪ ፊን ጀብዱዎች» ጥቁሮች የሚዋረዱበት ያ የእንግሊዝኛ የስድብ ቃል ከ200 ጊዜ በላይ ይገኛል። እ.ኤ.አ. በ2011 አንድ የአላባማ አሳታሚ፣ በፕሮፌሰር አለን ግሪበን አርታኢነት፣ ቃሉን አውጥቶ በቦታው «ባሪያ» የሚለውን አስገባ። ጭንቀታቸው ይገባኛል፤ የክፍሉ ብቸኛ ጥቁር ተማሪ ያ ቃል ጮክ ተብሎ ሲነበብ አንገቱን ሲደፋ ማየት ያማል። ግን እርማቱን በአማርኛ ጆሮ ስሙት። «ባሪያ» እኛ ዘንድ ራሱ ስድብ ነው፤ ዛሬም መልኩ ጠቆር ባለ ልጅ ላይ ይወረወራል። ደግሞ የባለታሪኩ የሐክ ሰካራም አባት የሚንጨረጨርበትን ቦታ አስታውሱ፦ ከኦሃዮ የመጣ፣ ኮሌጅ ያስተምራል፣ በአገሩ ድምፅ ይሰጣል የተባለ ነጻ ጥቁር ሰው ነው ያናደደው። ያንን ሰው የሚጠራው በዚያው ስድብ ነው። ሰውዬው ባሪያ አልነበረም፤ ስድቡ ግን ነጻነቱንም ትምህርቱንም አልፎ ተከተለው። ትዌይን ያሳየን ይህንን ነው፤ ቃሉ ሲፋቅ ማስረጃው አብሮ ይጠፋል። ስለዚህ ቃሉ በመጽሐፉ ይቆይ። መምህራን ሆይ፣ ጮክ ብላችሁ አታንብቡት፤ የቃሉን ታሪክ ግን ገጹ ከመገለጡ በፊት ለተማሪው ንገሩት።