አባይ የተሣለበት ደሴት

ጀልባ ነጂው ሞተሩን አጠፉና ከጎናቸው የተጋደመውን ረጅም ዘንግ አንሥተው ወደ ውሃው ሰደዱት። ብዙም ሳይሄድ ቆመ። መዝዘው ሲያሳዩን እርጥበቱ ከጉልበቴ በላይ አይደርስም፤ ጫፉ ላይ ጥቁር ጭቃ ተለጥፏል። በአራቱም ማዕዘን ዐይን እስኪደክም ውሃ ነው፤ ከሩቅ የደወል ቤቶች ጫፍ ብቻ ይታያል። እኔ ከነጂው የሰማሁት ጣሊያንኛ ከ«አኳ» አያልፍም። እህቴ ተረጎሙልኝ፦ «እዚህ ጋ ወርደህ መቆም ትችላለህ እያሉህ ነው። ጫማህን ግን አታገኘውም።»

የቬኒስ ሰዎች ይህን ውሃ ላጉና ይሉታል። ከአድሪያቲክ ባሕር በቀጫጭን የአሸዋ ደሴቶች ተከልሎ የቀረ፣ ባሕሩ በሦስት በሮች የሚገባበትና የሚወጣበት፣ ወደ 550 ካሬ ኪሎ ሜትር የሚሰፋ ቦታ ነው። ባሕሩ በየስድስት ሰዓቱ ገደማ ይሞላል፣ ይጎድላል። ጀልባ የሚሄድባቸው ጥልቅ መንገዶች ከታች እንደ ወንዝ ይጠማዘዛሉ፤ ከላይ ግን ሁሉም አንድ ዓይነት ውሃ ነው። መንገዱን የሚያሳዩት ሦስት ሦስት ሆነው የታሰሩ የእንጨት ምሰሶዎች ናቸው። አንዱን በቅርበት አየሁት። ውሃው ከፍ ዝቅ በሚልበት ወገቡ ላይ የባሕር ትል በልቶት ክንዴን አክሏል፤ ከላይና ከታች ግን ሙሉ ግንድ ነው። በአጠገቡ ስናልፍ ነጂው ፍጥነታቸውን ቀነሱ። ጣና ዳር ያደግሁ ሰው ነኝና ነገሩ ገባኝ። ከደንገል በተሠራ ታንኳ ላይ የተቀመጠ ገበሬም ሞተር ጀልባ ሲመጣበት የሚፈራው ማዕበሉን ነው።

እትዬ የምላቸው እህቴ ፓዶቫ ከገቡ ሃያ ሰባት ዓመታቸው ነው። ሥራቸው አረጋውያንን መንከባከብ ነበር፤ ዘንድሮ ጡረታ ወጡ። ከፓዶቫ ቬኒስ በባቡር ግማሽ ሰዓት ገደማ ነው። በእነዚህ ዓመታት ሁሉ ከኢትዮጵያ እንግዳ በመጣ ቁጥር ይዘውት ይሄዳሉ፤ ሳን ማርኮ አደባባይ፣ ሪያልቶ ድልድይ፣ ፎቶ፣ ወደ ቤት። ደሴቶቹን አንድም ቀን አላዩም። «ማን ይወስደኛል? እኔስ ብቻዬን ምን ልሠራ?» ይላሉ።

በመጀመሪያው ቀን ሁላችንም የምንሳሳተውን ተሳሳትን። ስሙን የማላነሣው አንድ አስጎብኚ ድርጅት በግማሽ ቀን ሦስት ደሴት አሳያለሁ ይላል፤ ከፍለን ገባን። ጀልባው ትልቅ፣ ሰዉ ብዙ፣ ድምፅ ማጉያው በአራት ቋንቋ የሚጮኽ ነበር። የመጀመሪያው ደሴት ላይ ያሳለፍነው ጊዜ አብዛኛው የብርጭቆ መሸጫ ሱቅ ውስጥ አለቀ። ቶርቼሎ ስንደርስ የተሰጠን ጊዜ በጣም አጭር ነው። እትዬ ጉልበታቸውን ያማቸዋል። ከጀልባ መውረጃው እስከ ካቴድራሉ ለጤነኛ እግር አሥር ደቂቃ ነው፤ ለእሳቸው ግን ሃያ ሆነ። ደጃፉን ተሳልመው ተመለሱ። ወደ ጀልባው ሲገቡ ምንም አላሉም፣ ነጠላቸውን አስተካክለው ተቀመጡ። ዝምታቸው እስካሁን ይቆረቁረኛል። ሃያ ሰባት ዓመት የሌላውን ሰው አካሄድ ተከትለው ቀስ ብለው የኖሩ ሴት፣ ለእሳቸው ቀስ የሚል አንድ ሰው ጠፋ።

ስለዚህ በማግስቱ ለብቻችን ጀልባ ተከራየን። ለሁለት ሰው ውድ ነው፤ አልደብቅም። ስድስት ሰባት ሆኖ ለሚያዋጣ ግን ይቻላል፤ በጣሊያን ያሉ የጽዋ ማኅበሮቻችን አንድ እሑድ ቢያስቡበት ደስ ይለኛል። ቡራኖ ከተባለው የዓሣ አጥማጆች ደሴት የመጡ፣ ዕድሜያቸው ስድሳ የዘለለ ሰውዬ ናቸው የያዙን። ጀልባቸው ሆዷ ጠፍጣፋ ነው፣ ጭቃ ላይ ብትቀመጥም አትገለበጥም። ጠዋት ስንሳፈር እትዬ ስልካቸውን አዩና፣ «ዛሬ እኮ ሰኔ 12 ነው፤ ሚካኤል» አሉ።

ከተማዋን ትተን ስንወጣ ፊት ለፊት በቀይ ጡብ ግንብ የታጠረ ደሴት ነበር። ነጂው «ሳን ሚኬሌ» ሲሉ እትዬ ማስተርጎም አላስፈለጋቸውም። አማተቡ። «ስንመለስ እንቆማለን» አሉን ነጂው።

መጀመሪያ የወሰዱን የሕዝብ ጀልባ ወደማይቆምበት ቦታ ነው። ሳን ፍራንቼስኮ ዴል ዴዜርቶ ይባላል፤ ትርጉሙ «የበረሃው ቅዱስ ፍራንሲስ» ማለት ነው። ቅዱስ ፍራንሲስ እ.ኤ.አ. በ1220 ገደማ ከግብፅ ሲመለስ እዚህ አርፎ ጸለየ ይባላል። በኋላ መነኮሳቱ በወባ ምክንያት ለቅቀውት ባዶ ስለነበር ነው «በረሃ» የተባለው። ዛሬ ጥቂት መነኮሳት አሉበት። ደሴቱ ዙሪያውን የፈረንጅ ጥድ ነው፤ ጥዶቹ ከሩቅ ሲታዩ ልክ የእኛ ገዳማት ደን ናቸው። እትዬ ከጀልባው ሳይነሡ ቀሩ። ጠጋ ብዬ ምነው ስላቸው፣ «ሴት ያስገባሉ?» አሉኝ። ሴት የማይገባበትን የጣናውን ገዳም ክብራን ገብርኤልን ከልጅነታቸው ጀምሮ ከጀልባ ላይ እንጂ ከደጁ ተሳልመው አያውቁም። የገዳሙን ሥርዐት ያከብራሉ፣ ተማርረው ሲናገሩም ሰምቻቸው አላውቅም። ግን ነጂው መነኩሴውን ጠይቀው እጃቸውን ሲዘረጉላቸው፣ እህቴ ጫማቸውን አውልቀው በባዶ እግራቸው ድንጋዩን ረገጡ። መነኩሴው አልገረማቸውም። ጫማውን አንሥተው ግድግዳው ጥግ አኖሩት።

እዚያ አንድ ሰዓት ተኩል ቆየን። የተሰማኝን ጸጥታ እንዲህ ብዬ ልግለጸው፤ ውሃው ዳር ያለው ሣር ውስጥ ነጭ ሳቢሳ የሚመስል ወፍ እግሩን ከጭቃ ሲነቅል ይሰማል። እንዲህ ያለ ጸጥታ እንዲያው አይገኝም። የሚጠብቁት ሰዎች አሉት፤ የሚያጠፋውም ይታወቃል። ከጨዋማው ውሃ ብቅ የሚሉትና ሣር የሚበቅልባቸው ለስላሳ የጭቃ መሬቶች የላጉናው ሕይወት ናቸው። ወፉ ጎጆውን የሚሠራው እዚያ ነው፣ የባሕሩን ኀይል የሚያበርዱትም እነሱ ናቸው። የፈጣን ጀልባ ማዕበል ጠርዛቸውን በየቀኑ ይገምሰዋል። ነጂው በጣታቸው አሳዩን፤ ዳርቻው እንደ ተቆረሰ ዳቦ ነው፤ የሣሩ ሥር አየር ላይ ተንጠልጥሏል። በቬኒስ እ.ኤ.አ. ከነሐሴ 2021 ጀምሮ ግዙፍ መርከቦች በሳን ማርኮ ፊት እንዳያልፉ ተከልክለዋል፤ በ2024 ደግሞ በተመረጡ ቀናት ደርሶ ተመላሽ ጎብኚ 5 ዩሮ መክፈል ጀመረ። ሁለቱም ደግ ነው። እኔ ግን ሕግ አውጪ ብሆን ከሁሉ በፊት የምቆጣጠረው ፍጥነትን ነበር። አምስት ዩሮ የከፈለ ሰውም ሦስት ደሴት በግማሽ ቀን እየሮጠ ማየት ይችላል።

ምሳችን ዳቦና እትዬ ከቤት የቆሉት ቆሎ ነበር፤ የሰኔ ጾም ነውና። ነጂው አንድ እፍኝ ቀመሱ፣ ቀጥሎ ሁለተኛ ጠየቁ።

ቶርቼሎን ዳግመኛ ያየነው ያለ ሰዓት ነው። ካቴድራሉ እ.ኤ.አ. በ639 ተመሠረተ፤ ቬኒስ ገና ቬኒስ ሳትሆን ይህች ደሴት ብዙ ሺህ ሰው ይኖርባት ነበር። ደለልና ወባ አባረሩት፤ የቤቶቿንም ድንጋይ ሰዉ እየነቀለ ቬኒስን ሠራበት። አሁን ነዋሪዋ በጣት የሚቆጠር ነው። ውስጥ ገብተን ተቀመጥን። ከመሠዊያው በላይ በወርቅ ሞዛይክ ሜዳ ላይ እመቤታችን ብቻዋን ቆማለች፤ ረጅም፣ ሰማያዊ፣ ሕፃኑን ታቅፋ። ከመግቢያው በኩል ደግሞ የፍርድ ቀን ግድግዳውን ሁሉ ሞልቶታል። ሁለት ታላላቅ መላእክት ግራና ቀኝ ቆመዋል። ከታች ሚዛን አለ፤ ሰይጣኖች ወደራሳቸው ሊያጋድሉት ይታገላሉ። እትዬ ሚዛን ያዡን አዩትና፣ «ይኼማ ሚካኤል ነው፤ ሌላ ማን ይሆናል» አሉ። ትናንት ደጃፉን ብቻ ተሳልመው የሄዱበት ቤት ውስጥ ዛሬ በዓሉን አከበሩ።

ስንመለስ ፀሐይዋ ዘቅዘቅ ብላለች። ነጂው ቃላቸውን አክብረው ሳን ሚኬሌ ቆሙ። እዚህ የሕዝብ ጀልባም ይቆማል፤ ከ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ጀምሮ የከተማዋ መቃብር ስለሆነ ሐዘንተኛ ይመላለስበታል። ቱሪስቱ ግን ብዙ ጊዜ በጎኑ ያልፋል። የእኛ ሰው ሲያልፍ ነው የሚያሳዝነኝ፤ ምን እንዳለፈ የሚነግረው የለምና።

ይህ ደሴት ድሮ ገዳም ነበር። በዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1450 አካባቢ፣ ፍራ ማውሮ የሚባል መነኩሴ እዚህ ተቀምጦ በጊዜው አቻ ያልነበረውን የዓለም ካርታ ሠራ። ስፋቱ ሁለት ሜትር ይጠጋል፣ ክብ ነው። አውሮፓ ስለ አፍሪካ መሀል የምታውቀው እዚህ ግባ በማይባልበት ጊዜ፣ በዚያ ካርታ ላይ የእኛ ሀገር በተራሮች፣ በወንዞችና በአውራጃ ስሞች ተሞልታለች። አባይ አለ፤ አዋሽ አለ። ከየት አመጣው? ራሱ ካርታው ላይ ጽፎታል፤ የዚያው ሀገር ተወላጅ የሆኑ ካህናት በገዛ እጃቸው ሥለው እንደሰጡት። ስማቸውን ግን አልጻፈም።

ለቬኒስ እንግዳ አልነበርንም። የዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ አባት ዐፄ ዳዊት መልእክተኞቻቸውን እ.ኤ.አ. በ1402 ወደዚህች ከተማ ልከዋል። ከኢየሩሳሌም የተነሡ መነኮሳቶቻችን በ1441 በፍሎረንስ ጉባኤ ተገኝተዋል። ከዚያ በኋላም ቤተ ክርስቲያኖቻችንን ሲሥል ብዙ ዓመት የኖረው ኒኮሎ ብራንካሌዮን የቬኒስ ሰው ነው። ይህን ሁሉ መንገድ የእኛ መነኮሳት በእግርና በመርከብ ሄደውታል። ለአንድ ነጭ ልብስ ለባሽ ፈረንጅ መነኩሴ ተቀምጠው፣ «ይህ ወንዝ እንዲህ ይዞራል፣ ይህ ተራራ እዚህ ነው» ብለው በትዕግሥት አስረድተውት ይሆናል። የሚያውቁትን ሀገር በማያውቀው ሰው ብራና ላይ ማኖር ስንት ቀን ፈጀባቸው? ደሴቱ ላይ አሁን የሚታየው ነጭ ቤተ ክርስቲያን ከፍራ ማውሮ በኋላ የተሠራ ነው፤ ስለ እነሱ የሚናገር ነገር ፈልጌ አላገኘሁም። ስለዚህ ቢያንስ እኛ እንናገር። ጣሊያን ያላችሁ፣ ልጆቻችሁን ሳን ማርኮ ስትወስዱ እግረ መንገዳችሁን እዚህ ውረዱ።

ይህን ሁሉ ለእትዬ የነገርኳቸው የመቃብሩ ጥላ ሥር ተቀምጠን ነው። እስክጨርስ አልተናገሩም። ከዚያ፣ «ካርታው አሁን የት ነው?» አሉ።

በማግስቱ ሄድን። ሳን ማርኮ አደባባይ ላይ፣ ለሃያ ሰባት ዓመት እንግዳ እያመጡ ፎቶ ከሚያነሡበት ቦታ ጥቂት ርምጃ ራቅ ብሎ፣ ማርቺያና ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ነው። እትዬ መነጽራቸውን አድርገው አውሮፓን ታች አገኟትና ግራ ተጋቡ። የፍራ ማውሮ ካርታ ደቡብን ወደ ላይ አድርጎ የተሣለ ነው፤ ኢትዮጵያ ያለችው ከላይ ነው። አንገታቸውን ቀና አድርገው ፈለጉ፣ ተራሮቹን አገኙ፣ ከተራሮቹም የሚወጣውን ሰማያዊ መስመር። ጣታቸውን መስታወቱን ሳያስነኩ በአየር ላይ ከወንዙ ጋር ቀስ እያሉ አወረዱት፤ እስከ ግብፅ ድረስ።